«አንተ» ወይስ «አንቺ»? ታራብ በአማርኛ ጆሮ

የስዋሂሊን የፍቅር ግጥም ወደ አማርኛ የሚመልስ ሰው ከመጀመሪያው ስንኝ ጀምሮ ፍርድ ይጠብቀዋል። ስዋሂሊ «እሱ»ንና «እሷ»ን፣ «አንተ»ንና «አንቺ»ን አይለይም። አማርኛ ግን ግሡን ሳይቀር በጾታ ያስራል፤ ወይ «ትወዳለህ» ወይ «ትወጃለሽ» ማለት ግድ ነው። «እርስዎ» ከዚህ ነጻ ቢሆንም፣ በአንቱታ የሚዜም ፍቅር ከመውደድ ይልቅ ማክበርን ያሰማል። የዛንዚባርና የሞምባሳ ታራብ ወደ ቋንቋችን ሲገባ ከሁሉ አብልጦ የሚከስረው እዚህ ላይ ነው።

ታራብ በ19ኛው መቶ ዓመት በዛንዚባር ሱልጣኖች ቤተ መንግሥት በዐረብኛ የሚዜም ጥበብ ነበር። ወደ ሕዝቡ መንደር ካወረዱት መካከል ስሟ ቀድሞ የሚነሣው ሲቲ ቢንቲ ሳአድ (1880–1950) ናት። ሸክላ እየሸጠች ያደገችው ይህች ሴት እ.ኤ.አ. በ1928 ቦምቤይ ድረስ ተጉዛ፣ በስዋሂሊ ያዜመችውን በሌላ ዓይነት ሸክላ አስቀረጸች። እ.ኤ.አ. በ2013 ያረፈችው ቢ ኪዱዴ ደግሞ ዘፋኝ ብቻ አልነበረችም፤ ልጃገረዶች ስለ ትዳርና ስለ ሩካቤ በከበሮ የሚማሩበት የኡንያጎ ሥርዓት አስተማሪም ነበረች። ሴቶች በዝግ ቤት በግልጽ የሚነጋገሩበትን ጉዳይ፣ ታራብ በአደባባይ በቅኔ ሸፍኖ አቀረበው።

ሽፋኑ ግን የፍርሃት ብቻ አይደለም። በታራብ መድረክ አንዲት ሴት ከመቀመጫዋ ተነሥታ ለዘፋኟ ገንዘብ የምትሸልመው የልቧን የሚናገረው ስንኝ ሲደርስ ነው። በአዝማሪ ቤት እንግዳው «ተቀበል» ብሎ ግጥሙን በራሱ አፍ ይሰጣል፤ እዚህ ግን ሴትዮዋ አንዲት ቃል ሳትተነፍስ ስንኙን የራሷ ታደርገዋለች። ለባሏ ይሁን ለውሽማዋ፣ ለጣውንቷ ይሁን ለጎረቤቷ፣ የምታውቀው እሷና የሚመለከተው ሰው ናቸው።

ከ1990ዎቹ ወዲህ የገነነው «ሚፓሾ» የተባለው የነገር ውርወራ ታራብ በብልግና ሲወቀስ ኖሯል። በዚህ ጸሐፊ አስተያየት ወቀሳው ቦታውን ስቷል። የሚፓሾ ደካማ ዘፈኖች የሚወድቁት ስለ ሥጋ ፍላጎት ስለሚናገሩ አይደለም፤ ወርቁን ከሰሙ አውጥተው ስለሚያሰጡት ነው። ያን ጊዜ ለአድማጯ የሚተርፋት ስድቡ ብቻ ይሆናል።

ተርጓሚም ይህንኑ ጥፋት በጨዋ ደንብ ሊፈጽመው ይችላል። ዘፋኟ ሴት ስለሆነች ብቻ ተፈቃሪውን «አንተ» ብሎ ይወስናል፤ ብዙ የታራብ ግጥሞች በወንዶች ተጽፈው በሴቶች መዜማቸውን ይዘነጋል። አማርኛ ግን መውጫ አላጣም። «ናፍቆትህ» ወይም «ናፍቆትሽ» ከማለት «ይህ ናፍቆት» ማለት ይቻላል፤ «ፍቅሬ»ና «ዓለሜ»ም ጾታ አይጠይቁም። ዜማው ጥቂት ሊጎረብጥ ይችላል። ቢሆንም ማንን እንደምትወድ አለመናገር የዘፋኟና የአድማጯ መብት ነው፤ ሰዋስዋችን ስላስገደደን ብቻ ልንነጥቃቸው አይገባም።