የነፍሰ ገዳይ ልብና የደራሲ ብዕር

ክፉ ሥራ ተሠርቶ በተሰማ ጊዜ ሰው ሁሉ አስቀድሞ የሚጠይቀው «ማን አደረገው?» ብሎ ነው። አድራጊው ታውቆ ከተያዘ በኋላ ግን ሌላ ጥያቄ ይከተላል፤ ይኸውም «ምን ዓይነት ልብ ቢኖረው ነው?» የሚል ነው። ለመጀመሪያው ጥያቄ መልስ የሚሰጡ ፖሊስና ዳኛ ናቸው። ለሁለተኛው መልስ እንሰጣለን ብለው የተነሡት ደግሞ የእውነተኛ ወንጀል ታሪክ ጸሐፊዎች ናቸው። በዚህ ጽሑፍ የምንመረምረው የእነዚህን ጸሐፊዎች ሥራ፣ ይልቁንም ርኅራኄና ጸጸት ስለማያውቁ ነፍሰ ገዳዮች የተጻፉትን መጻሕፍት ነው። ዓመቶቹን ሁሉ የምንጠቅሰው በአውሮጳ አቈጣጠር ነው።

እንዲህ ያለውን መጽሐፍ የሚያነብ ሁሉ ደም ለማየት የሚጓጓ ነው ብለን አንፈርድም። «ነገርን ከሥሩ፣ ውኃን ከጥሩ» እንደሚባለው፣ የክፋትን ሥር ለማወቅ መፈለግ የአስተዋይ ሰው ጠባይ ነው። ነገር ግን ውኃው ከየት እንደ ተቀዳ መጠየቅ ይገባል። የነፍሰ ገዳዩን የልብ ምሥጢር የሚያውቅ ራሱ ነፍሰ ገዳዩ ነው፤ እርሱም ብዙ ጊዜ ሐሰትን ከእውነት አስመስሎ መናገር የሚያውቅበት ሰው ነው። የዚህ ዓይነት ድርሰት ችግር ሁሉ የሚመነጨው ከዚህ ነው።

«ሳይኮፓት» የሚለውን ስም ብዙ ሰው ከእብድ ጋር አንድ ያደርገዋል፤ ነገሩ ግን እንዲህ አይደለም። ሀርቪ ክሌክሊ የተባለው አሜሪካዊ የአእምሮ ሐኪም በ1941 ባሳተመው መጽሐፍ እንደ ገለጸው፣ ይህ ሰው ንግግሩ የተቃና፣ ፊቱ የሚስብ፣ አሳቡም የተያያዘ ነው፤ የሌለ ድምፅ አይሰማም፣ የሌለ ነገርም አያይም። የጐደለው ፍቅር፣ ኀፍረትና ጸጸት ነው። ክሌክሊ ለመጽሐፉ የመረጠው ርእስ «የጤነኛነት ጭምብል» ማለት ነው፤ በአገራችንም «አፈ ቅቤ፣ ልበ ጩቤ» የሚባለው ለእንዲህ ያለ ሰው የተስማማ ነው። ይሁን እንጂ ክሌክሊ ከጻፈላቸው ሰዎች የሚበዙት ነፍሰ ገዳዮች ሳይሆኑ በማጭበርበር፣ በሐሰትና በስካር የራሳቸውንና የቤተ ሰባቸውን ኑሮ ያበላሹ ሰዎች ናቸው። እንግዲህ ሳይኮፓት ሁሉ አይገድልም፤ ገዳይም ሁሉ ሳይኮፓት አይደለም።

ከእርሱ በኋላ ሮበርት ሄር የተባለው የካናዳ ሊቅ 20 ነጥቦች ያሉበት መመርመሪያ አዘጋጀ፤ ይህም ተሻሽሎ በ1991 ታትሟል። ለእያንዳንዱ ነጥብ 0፣ 1 ወይም 2 ይሰጣል፤ ድምሩም እስከ 40 ይደርሳል። መርማሪው ሰውየውን በማነጋገር ብቻ ሳይወሰን፣ ስለ ሕይወቱ በየመዝገቡ የሚገኘውን ማስረጃ አይቶ ቃሉን ከማስረጃው ጋር ማስተያየት አለበት፤ የሰውየው ቃል ብቻውን አይታመንምና። ሊቁ ይህን ያህል ሲጠነቀቅ፣ ደራሲውስ ምን ያህል ይጠነቀቃል? ጥቂት የታወቁ መጻሕፍትን በዚህ ሚዛን እንመዝን።

በዚህ ዓይነት ድርሰት ስሙ አስቀድሞ የሚነሣው ትሩማን ካፖቲ ነው። «ኢን ኮልድ ብለድ» የተባለው መጽሐፉ፣ ትርጕሙም «ልብ ሳይሸበር በጭካኔ» እንደ ማለት ነው፣ አስቀድሞ በ1965 «ኒው ዮርከር» በተባለው መጽሔት፣ ቀጥሎም በ1966 በመጽሐፍ መልክ ታተመ። ታሪኩ እንዲህ ነው። ኅዳር 1959 በካንሳስ ግዛት፣ ሆልኮም በምትባል ትንሽ መንደር፣ ኸርበርት ክላተር የተባለ ባለ እርሻ ከሚስቱና ከሁለት ልጆቹ ጋር በቤቱ ተገደለ። ገዳዮቹ ሪቻርድ ሂኮክና ፔሪ ስሚዝ ከወህኒ ቤት የወጡ ሰዎች ነበሩ። በቤቱ ውስጥ ገንዘብ የሞላበት ካዝና አለ የሚል ወሬ ሂኮክ በእስር ቤት ሰምቶ ነበር። ካዝናው ግን አልነበረም፤ አራት ነፍስ አጥፍተው ያገኙት ገንዘብ 50 ዶላር እንኳ አልሞላም።

የመጽሐፉ ጥቅም ከፍ ያለ ነው። በካንሳስ ፍርድ ቤት የአእምሮ ሐኪሙ እንዲመልስ የተፈቀደለት፣ ተከሳሹ ወንጀሉን ሲሠራ ክፉና ደጉን ለይቶ ያውቅ ነበርን? ለሚለው ብቻ ነበር፤ ይህም ከእንግሊዝ አገር ከ1843 ጀምሮ የመጣ ደንብ ነው። ካፖቲ ግን ሐኪሙ ቢፈቀድለት ኖሮ ይናገረው የነበረውን በመጽሐፉ አስፍሮታል። በሂኮክ ላይ የታየው የጠባይ መታወክ ሲሆን፣ በስሚዝ ላይ ደግሞ የከባድ የአእምሮ ሕመም ምልክት ታይቷል። በአንድ ሌሊት አንድ ወንጀል የፈጸሙ ሁለት ሰዎች ልባቸው አንድ እንዳልነበረ አንባቢው ከዚህ ይማራል። ፍርድ ቤቱ ለመስማት ያልፈቀደውን ሥነ ጽሑፍ አሰማው፤ ይህ ለደራሲው የሚያስመሰግነው ነው።

ነገር ግን ካፖቲ መጽሐፉ በሙሉ እውነት ነው ብሎ ለአንባቢው ቃል ገብቶ ነበር። በመጽሐፉ መደምደሚያ ላይ፣ ወንጀሉን የመረመረው ሹም ከሟቿ ልጅ ጓደኛ ጋር በመቃብሩ ቦታ ተገናኝተው ሲነጋገሩ ይታያል። ይህ መገናኘት ፈጽሞ እንዳልነበረ፣ የካፖቲን የሕይወት ታሪክ በ1988 ያሳተመው ጄራልድ ክላርክ ገልጾታል። ታሪኩን በጸጥታ ለመዝጋት ተብሎ የተፈጠረ ነገር ነው። አንድ ሰው «ይህ ልብ ወለድ ነው» ብሎ ቢፈጥር ማንም አይወቅሰውም፤ «ይህ እውነት ነው» ብሎ ሲፈጥር ግን የቀረውንም እውነት እንድንጠራጠር ያደርገናል። የመቃብሩን ቦታ የፈጠረ ብዕር፣ በስሚዝ ልብ ውስጥ ስለ ነበረው አሳብ የጻፈውን በምን እናምነዋለን?

ሌላም ነገር አለ። ሁለቱ ገዳዮች ሚያዝያ 1965 በስቅላት እስኪቀጡ ድረስ መጽሐፉ መጨረሻ አላገኘም ነበር። ደራሲው ለዓመታት ሲጽፍላቸውና ሲጠይቃቸው የኖሩትን ሰዎች ሞት ለመጽሐፉ መደምደሚያ መጠበቅ ግድ ሆነበት። ለሰው ልብ ይህን የመሰለ ፈተና ከባድ ነው፤ አንባቢም ይህን ሳይዘነጋ ሊያነብ ይገባል።

ከካፖቲ በተለየ መንገድ የሄደችው አን ሩል ናት። በ1971 በሲያትል ከተማ፣ ጭንቅ የያዛቸው ሰዎች በስልክ ምክር በሚያገኙበት ቤት በሌሊት ተራ ታገለግል ነበር፤ በአጠገቧ ተቀምጦ የሚያገለግለው ወጣት ተማሪ ቴድ ባንዲ ይባል ነበር። ትሑት፣ ደግ፣ የሰው ችግር የሚገባው መስሎ ታያት። አስቀድማ ፖሊስ የነበረች፣ ስለ ወንጀልም መጻፍ የጀመረች ሴት ስትሆን እንኳ አላወቀችውም። በ1980 ያሳተመችው መጽሐፍ ዋጋው ከዚህ ላይ ነው፤ የባንዲን ልብ አየሁ አትልም፣ ጭምብሉን ግን በቅርብ ሆና ያየችውን ያህል ትነግረናለች። በደንብ የምታውቀው በእርሱ መታለሏን ነውና እርሱኑ ጻፈች። ከማስመሰል ሁሉ ይህ ይሻላል።

ባንዲ በዚያ ጊዜ ወንጀሉን ሁሉ ይክድ ነበር። ስቲቨን ሚሾና ሂዩ ኤንስዎርዝ የተባሉ ሁለት ጋዜጠኞች በወህኒ ቤት ባነጋገሩት ጊዜ ዘዴ ፈለጉ፤ «እንዲህ ያለውን ሥራ የሚሠራ ሰው ምን ያስባል?» ብለው እንደ ዐዋቂ ጠየቁት። እርሱም «እኔ» ማለትን ትቶ «እርሱ» እያለ ስለ ገዳዩ ብዙ ተናገረ። ይህን በ1983 በታተመው መጽሐፋቸው ውስጥ ያነበበ ሰው የገዳዩን ልብ ያገኘ ይመስለዋል። በጥንቃቄ ሲመረመር ግን የሚሰማው፣ መደነቅን የሚወድ ሰው ስለ ራሱ የሚሰጠው ትምህርት ነው። ባንዲ 30 ያህል ግድያ ማመኑ የተሰማው ጥር 1989 በፍሎሪዳ በሞት ሊቀጣ ጥቂት ቀናት ሲቀሩት ነው፤ ያንንም ያደረገው የሞቱን ቀን ለማስተላለፍ ተስፋ አድርጎ ነው።

አንዳንድ ጊዜ ደግሞ ጭምብሉን የሚያጠልቀው ደራሲው ራሱ ይሆናል። ጆ ማክጊኒስ፣ ሚስቱንና ሁለት ሴቶች ልጆቹን ገድሏል ተብሎ በ1979 ከተፈረደበት ከጄፍሪ ማክዶናልድ ጋር እንደ ወዳጅ ኖሮ፣ የወዳጅነት ደብዳቤም ሲጽፍለት ቆይቶ፣ በ1983 ባወጣው መጽሐፍ ጥፋተኛ መሆኑን አስረዳ። እስረኛው ከሰሰው፤ ነገሩም በ325,000 ዶላር ስምምነት አለቀ። ጃኔት ማልኮልም በ1990 በመጽሐፍ ባወጣችው ሒስ ይህን ጉዳይ መርምራ፣ በጸሐፊና በባለ ታሪኩ መካከል ያለው መተማመን ምን ያህል የተበላሸ ሊሆን እንደሚችል አሳይታለች። የአታላይን ልብ ለማወቅ ማታለል ይገባልን? እኛ አይገባም እንላለን፤ በማታለል የተገኘ ምስክርነት የሰሚውንም የተናጋሪውንም ሚዛን ያጣምማልና።

«የሞተ ተጎዳ» ይባላል። በእነዚህ መጻሕፍት ሁሉ የሚደጋገመው ጉድለት ይኸው ነው። ገዳዩ ይናገራል፣ ይተነተናል፣ ስሙ በዓለም ይታወቃል፤ ሟቹ ግን ቍጥር ሆኖ ይቀራል። ሃሊ ሩበንሆልድ የተባለችው የታሪክ ጸሐፊ በ2019 ያሳተመችው መጽሐፍ ይህን ልማድ ገልብጦታል። በ1888 በለንደን ዋይትቻፕል ሰፈር የተገደሉትን አምስት ሴቶች ሕይወት ከመዝገብ እየፈለገች፣ የት እንደ ተወለዱ፣ ማንን እንዳገቡ፣ ምን ሠርተው እንደ በሉ ጻፈች። ስለ ገዳዩ ማንነት አልደከመችም። ሁሉም አመንዝሮች ነበሩ እየተባለ ከመቶ ዓመት በላይ ሲነገር ለኖረውም፣ ከአምስቱ በሦስቱ ላይ ማስረጃ የለም ስትል ተከራከረች። ያለ ገዳዩ ቃል እውነትን መጻፍ እንደሚቻል ከዚህ የበለጠ ማስረጃ አያሻም።

ስለዚህ መምህራንና ተማሪዎች እንዲህ ያለ መጽሐፍ በእጃቸው በገባ ጊዜ በሦስት ጥያቄ እንዲመዝኑት እንመክራለን። አንደኛ፣ ደራሲው ያየውንና የሰማውን ከገመተው ለይቶ ይነግረናልን? ሁለተኛ፣ የገዳዩን ቃል ከመዝገብና ከሌላ ምስክር ጋር አስተያይቷልን? ሦስተኛ፣ መጽሐፉን ዘግተን ስንነሣ በልባችን የቀረው የገዳዩ ስም ብቻ ነው ወይስ የሟቾቹም? እነዚህን ሦስቱን የሚያልፍ መጽሐፍ ለዳኛም፣ ለሐኪምም፣ ልጅ ለሚያሳድግ ወላጅም ይጠቅማል። የማያልፈው ግን፣ አጻጻፉ የቱን ያህል ቢያምር፣ ገዳዩ በሕይወት ሳለ ያጠለቀውን ጭምብል አጽድቶ እንደ ገና ለዓለም ማሳየት ነው።