አርቱር ራምቦ በእንጦጦ፤ በሰነድ የተሣለ የባለቅኔ መልክ

ፈረንሳዊው ባለቅኔ አርቱር ራምቦ፣ የፓሪስ ኮምዩን በ1863 ዓ.ም. በተነሣ ጊዜ ገና የ16 ዓመት ወጣት ሳለ ብዕሩን ለዐማፅያኑ አውሏል። በ1879 ዓ.ም. ደግሞ ከጉለሌ እስከ የካ በሚዘረጋው በእንጦጦ ተራራ ላይ፣ ያን ጊዜ የሸዋ ንጉሥ በነበሩት በምኒልክ ግቢ፣ ጠመንጃ ሻጭ ሆኖ ይገኛል። የሕይወት ታሪኩን ከጻፉት ከፊሎቹ ይህን ለውጥ ክህደት ይሉታል፤ ከፊሎቹም በንግዱ ውስጥ የቀድሞውን ዐመፅ ያዩለታል። ሁለቱም ወገኖች ከሰነዱ ይልቅ የቀድሞ ግጥሞቹን አምነዋል።

ሰነዱ ግን ሌላ ሰው ያሳያል። በ1879 ዓ.ም. ማብቂያ በካይሮ ጋዜጣ ያሳተመው ደብዳቤ ስለ መንገድ፣ ስለ ዋጋና ስለ ቀረጥ የሚናገር ደረቅ ጽሑፍ ነው። ይሁን እንጂ ምኒልክ ከሐረር ድል ወደ እንጦጦ ሲመለሱ የግብፅ መለከት እየተነፋ፣ ሁለት የክሩፕ መድፎች እያንዳንዳቸው በ80 ሰው ሸክም ሲገቡ የሚያሳየው ክፍል ሕያው ነው። የባለቅኔው ዓይን አልፈዘዘም፤ የሚያየው ለንግዱ ነው እንጂ።

ከዚህ ይልቅ በ1880 ዓ.ም. በዓደን ለነበረው የፈረንሳይ ምክትል ቆንስል የጻፈው አቤቱታ ጥንቃቄ ይሻል። ሸሪኩ ላባቱ ለብዙ ዓመታት በሸዋ የኖረ ነጋዴ ነበር፤ ቅፍለቱ ከታጁራ ሳይነሣ ሞተ፤ አበዳሪዎቹም ራምቦን ያዙት። ራምቦ በሟቹ ቤት የማስታወሻ ጽሑፍ የያዙ 34 ደብተሮች አግኝቶ፣ ኢትዮጵያዊቷ መበለት እየረገመችው እንዳቃጠላቸው ራሱ ይተርካል። ነገሩን እንደ ቀልድ ያቀርበዋል፤ አንባብያንም ከእርሱ ጋር ስቀው ያልፋሉ። የእንጦጦን ዘመን ከውስጥ ያየ ሰው የጻፈው ግን በዚያ እሳት ጠፋ፤ የቀረው ምስክር አቃጣዩ ብቻ ሆነ። የመበለቲቱ ስም እንኳ አልተጻፈም፤ የባሏን ድርሻ በመጠየቋ ብቻ በተከሳሽዋ ብዕር ስግብግብ ተብላለች። ባለዕዳ ስለ አበዳሪው የሚናገረውን ዳኛ ሳይመረምር አይቀበልም፤ የታሪክ ጸሓፊዎች ግን ተናጋሪው ባለቅኔ ስለ ሆነ ተቀብለውታል።

በ1875 ዓ.ም. በሐረር ራሱን ያነሣባቸው 3 ፎቶግራፎችም በመጥፎ ውሃ ታጥበው መንጣታቸውን ለቤተ ሰቡ ጽፏል። የእንጦጦው መልክ ግን በዚህ ዓይነት የደበዘዘ አይደለም፤ በአንድ ወገን ቃል ብቻ የደመቀ ነው። ከእንጦጦ ወደ ሐረር አብሮት የተጓዘው ዡል ቦሬሊ የራሱን የጉዞ ማስታወሻ አሳትሟል፤ ንጽጽሩን ከዚያ መጀመር ይቻላል።