በነገሥታት ላይ ስለሚወርድ ርግማን
የአባ ሚካኤል ዘቲኒስ ታሪክ ሲመረመር

በከተማችን በምዕራብ ወገን፥ ከኮልፌ አጠና ተራ እስከ ቀራንዮ መድኃኔ ዓለም ባለው ሠፈር፥ ሰዎች ስለ መንግሥት ነገር ሲነጋገሩ ብዙ ጊዜ ንግግራቸውን የሚደመድሙት በአንድ ቃል ነው፤ ይኸውም «ይህ ዙፋን ርግማን አለበት» ማለት ነው። ለዚህም ምስክር አድርገው ዐፄ ቴዎድሮስ በ1860 ዓ.ም. በመቅደላ ራሳቸውን መግደላቸውን፥ ዐፄ ዮሐንስ በ1881 ዓ.ም. በመተማ መውደቃቸውን፥ ልጅ ኢያሱ በ1909 ዓ.ም. መሻራቸውን፥ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴም በ1967 ዓ.ም. ከዙፋን መውረዳቸውን ይቆጥራሉ። ነገር ግን ዳግማዊ ምኒልክ በ1906 ዓ.ም.፥ ንግሥት ዘውዲቱም በ1922 ዓ.ም. ዘውዳቸው ሳይወሰድባቸው በሕመም ማረፋቸውን አብሮ የሚቆጥር የለም። ርግማንን የሚቆጥር ሰው የሚስማማውን አንሥቶ የማይስማማውን ይዘላልና።

አሁን ይህን ነገር ከሥሩ ለመመርመር ለሚወድ ሰው አንድ የቆየ ጽሑፍ አለ። በግብፅ አገር የቲኒስ ኤጲስ ቆጶስ የነበረው አባ ሚካኤል በ11ኛው መቶ ዓመት የእስክንድርያን ሊቃነ ጳጳሳት ታሪክ ሲጽፍ፥ በኢትዮጵያ ነገሥታት ላይ ስለ ደረሰው መዓት እንዲህ ብሎ ይተርካል።

በሊቀ ጳጳሳት በአባ ቆዝሞስ ዘመን ጴጥሮስ የሚባል ጳጳስ ወደ ኢትዮጵያ ተላከ። ንጉሡም ሊሞት ሲል ሁለቱን ልጆቹንና ዘውዱን ለጳጳሱ ሰጥቶ የሚሻለውን አንግሥ አለው፤ ጳጳሱም ታናሹን አነገሠ። ከዚህ በኋላ ሚናና ቦቅጦር የሚባሉ ሁለት መነኮሳት ከጳጳሱ ገንዘብ ፈልገው ቢያጡ፥ «ጴጥሮስ ሐሰተኛ ነው፤ እውነተኛው ጳጳስ ሚና ነው» የሚል የሐሰት ደብዳቤ በሊቀ ጳጳሳቱ ስም ጽፈው ለታላቁ ወንድም አቀረቡ። እሱም ጦር አንሥቶ ወንድሙን አሸንፎ ዙፋኑን ያዘ፤ ጴጥሮስንም አሰደደ። ሐሰቱ በተገለጠና ሚና በተወገዘ ጊዜ ንጉሡ ሚናን ገድሎ ጴጥሮስን አስፈለገ፤ እሱ ግን በስደት ሞቶ ነበር። ንጉሡም የጴጥሮስን ደቀ መዝሙር ወደ እስክንድርያ ሳይልክ በግድ በመንበሩ አስቀመጠው። ስለዚህ በአምስት ሊቃነ ጳጳሳት ዘመን ለኢትዮጵያ ጳጳስ ሳይሾም ቀረ። በመጨረሻም አንዲት ንግሥት ተነሥታ ከተሞችን አቃጠለች፥ አብያተ ክርስቲያናትን አፈረሰች፥ ንጉሡንም ከስፍራ ወደ ስፍራ አሳደደችው። እሱም ወደ ኖባ ንጉሥ ወደ ጊዮርጊስ የልመና ደብዳቤ ላከ። ጊዮርጊስም በአማለደ ጊዜ፥ በአውሮጳ አቆጣጠር ከ979 እስከ 1003 በመንበሩ የነበረው አባ ፊላታዎስ ከአባ መቃርስ ገዳም ዳንኤል የሚባለውን መነኩሴ ጳጳስ አድርጎ ሰደደ።

የዚህ ታሪክ መልካምነቱ ርግማኑ እንደ አስማት ከአየር የማይወርድ መሆኑ ነው። ጳጳስ ከሌለ ክህነት የሚሰጥ የለም፤ ክህነት ካልተሰጠ ያሉት ካህናት ሲያረጁ ተተኪ አይገኝም፤ ተተኪ ከጠፋ ጥምቀቱና ቍርባኑ ይታጐላል፤ ሕዝቡም የሚያስተባብረው ያጣል። እንዲህ የደከመ መንግሥት በጠላት ቢሸነፍ የሚያስደንቅ አይደለም። በቅኔ ቤት ሰሙ ሊሸከመው የማይችለውን ወርቅ የጫነ ተማሪ ቅኔው ይመለስበታል፤ በዚህ ታሪክ ግን ሰሙ፥ ማለት የሚታየው የነገሩ ሂደት፥ ወርቁን፥ ማለት የእግዚአብሔርን ፍርድ፥ ያለ ድካም ይሸከማል።

ሁለተኛው መልካምነቱ የንጉሡ ጠባይ ነው። ታላቁ ወንድም በሐሰት ደብዳቤ ተታለለ ቢባልም፥ ደብዳቤው እሱ የሚመኘውን ባይናገር ኖሮ መርምሮ ባልተቀበለው ነበር። የሚወደውን ወሬ ሳይመረምር የሚቀበል ገዥ ርግማኑን በገዛ እጁ ይፈርማል።

ነገር ግን ጽሑፉ ነውር የለበትም አይባልም። ጸሐፊው የእስክንድርያ መንበር ሰው ስለ ሆነ ታሪኩን ያቀናው «ከእኛ የተለየ መንግሥት ይጠፋል» ለማሰኘት ነው። አንድ ንጉሥ በበደለ አምስት ሊቃነ ጳጳሳት ሙሉ ሕዝብን ያለ ጳጳስ መተዋቸው ፍትሕ ነው ወይ ብሎ አልጠየቀም። ደግሞ ያች ንግሥት በታሪኩ ውስጥ ስም የላትም፥ ቃልም አትናገርም፤ እንደ በትር ትመታለች እንጂ እንደ ሰው አታስብም። ኋላ ዮዲት ወይም ጉዲት የሚለውን ስም የሰጣት የአገራችን ትውፊት ነው። እሷ ግን ተረት ብቻ አይደለችም፤ በዚያው በ10ኛው መቶ ዓመት የነበረው የዓረብ ጸሐፊ ኢብን ሐውቀል የሐበሻን ንጉሥ ገድላ አገሩን ስለምትገዛ ሴት ጽፏል። ይህን ታሪክ ቴአትር ወይም ልብ ወለድ ለማድረግ የሚያስብ ደራሲ ቢኖር መጀመር የሚገባው ከዚህች ዝምተኛ ሴት ነው።

አንባቢ ሆይ፥ በርግማንና በውግዘት መካከል ያለውን ልዩነት ልብ በል። ውግዘት ምክንያቱ ይነገራል፥ የሚያወግዘው ይታወቃል፥ ንስሓ ለገባም መፈታት አለው፤ የአባ ሚካኤልም ታሪክ በልመናና በዳንኤል መምጣት መፈጸሙ ስለዚህ ነው። አቡነ ማቴዎስም መስከረም 17 ቀን 1909 ዓ.ም. መኳንንቱን ለልጅ ኢያሱ ከማሉት መሐላ ሲፈቱ፥ ፍርዱ ልክ ነበረ አልነበረም ብሎ መከራከር ይቻላል፤ ክሱ በአደባባይ ተነግሯልና። «ዙፋኑ ርግማን አለበት» የሚለው የሠፈር ቃል ግን ከሳሽም፥ ምክንያትም፥ መፍትሔም የለውም።

ሆኖም ይህን ቃል በሚናገረው ሕዝብ ላይ መሳቅ አይገባም። «ሰማይ አይታረስ፥ ንጉሥ አይከሰስ» በተባለበት አገር፥ ዳኛ ያጣ ድኃ የሚከስበት ችሎት ርግማን ብቻ ነበር። ጉዳቱ ቃሉ ከድኃው አፍ አልፎ ወደ ተማረው ሰው ብዕር ሲገባ ነው፤ ያን ጊዜ ገዥው «ርግማን ነው» ተብሎ ከበደሉ ነፃ ይወጣል፥ ሕዝቡም ዕጣችን ነው ብሎ ይተኛል። መጽሐፈ ምሳሌ ያለ ምክንያት የሆነ ርግማን እንደማይደርስ ያስተምረናል። እንግዲህ የነገሥታትን ውድቀት የሚጽፍ ሁሉ ምክንያቱን ይፈልግ፤ የሐሰቱን ደብዳቤ ማን እንደ ጻፈው፥ ማንስ ወዶ እንደ ተቀበለው ይመርምር።