የሕፃናት ፊልም፣ የጎልማሶች ጉባኤ

በአሜሪካ አገር፣ በባልቲሞር ከተማ የስብሰባ ማዕከል፣ በኦገስት ወር 2019 (እ.ኤ.አ.) ከ10 ሺህ በላይ ሕዝብ ተሰብስቦ ለአራት ቀናት ሰነበተ። ይህን ሁሉ ሰው ያሰባሰበው ለትንንሽ ልጃገረዶች ታስቦ የተሠራ አንድ ተከታታይ የካርቱን ፊልም ነበር። ከተሰብሳቢዎቹም አብዛኞቹ ወጣቶችና ጎልማሶች፣ ያውም በብዛት ወንዶች ነበሩ። ይህን የሰማ ሰው በመጀመሪያ የሚመጣበት ሳቅ ነው። መሳቅ ግን መመርመር አይደለም። ስለዚህ በዚህ ጽሑፍ ሁለት ነገሮችን እንመለከታለን። አንደኛ፣ ፊልሙ ጎልማሳን የሚይዝ ቁም ነገር አለውን? ሁለተኛ፣ ጎልማሶቹ ለወደዱት ሥራና ሥራው ለተሠራላቸው ሕፃናት ምን አደረጉ?

ፊልሙ «ማይ ሊትል ፖኒ፦ ፍሬንድሺፕ ኢዝ ማጂክ» ይባላል፤ «የኔ ትንሽ ፈረስ፦ ጓደኝነት አስማት ነው» እንደ ማለት ነው። «ማይ ሊትል ፖኒ» ከዚህ ፊልም አስቀድሞ የአሻንጉሊት ስም ነበር። ሀዝብሮ የተባለው ኩባንያ በዚህ ስም ልዩ ልዩ ቀለም ያላቸውን ድንክ ፈረሶች ከ1983 ጀምሮ ለገበያ አቅርቧል። በ2010 የተጀመረው ፊልምም ከአሻንጉሊቱ ገበያ ተነጥሎ የሚታይ አይደለም፤ ይህ መካድ የለበትም። ይሁን እንጂ ፊልሙን ያሰናዳችው ሎረን ፋውስት በልጅነቷ በነዚሁ አሻንጉሊቶች ስትጫወት ያደገች ነበረችና፣ ለልጃገረዶች የሚቀርብ ሥራ ሁሉ የግድ ዝቅ ያለ መሆን የለበትም ብላ ተነሣች። ከስድስቱ ዋና ባለታሪኮች አንዷ ከመጽሐፍ የማትለይ፣ ሁለተኛዋ ትጉህ ገበሬ፣ ሦስተኛዋ ዓይን አፋር፣ አራተኛዋ በፍጥነቷ የምትኮራ፣ አምስተኛዋ ልብስ ሰፊ፣ ስድስተኛዋ ሣቂታና ተጫዋች ናት። ሁሉም ይሳሳታሉ፤ ሁሉም በየራሳቸው መንገድ መልካም ናቸው። ይህን የምታይ ሕፃን ሴት ልጅ መሆን አንድ መልክ ብቻ እንደሌለው ትረዳለች።

ለመምህራን ይበልጥ የሚቀርበው ግን የታሪኩ አነሣሥ ነው። ትዋይላይት ስፓርክል የተባለችው ባለታሪክ ትምህርት እንጂ ወዳጅ የማታውቅ ጎበዝ ተማሪ ናት። መምህርቷ ልዕልት ሰለስቲያ ወደ አንዲት ትንሽ ከተማ ልካ ስለ ጓደኝነት እንድትማርና የተማረችውን በደብዳቤ እንድትገልጽላት ታዛታለች። በመጀመሪያዎቹ ክፍሎች ፍጻሜ ላይ የሚነበበው ይህ ደብዳቤ አንዳንድ ጊዜ ታሪኩ ራሱ የተናገረውን መልሶ ስለሚናገር ምክሩን ማጉረስ ይሆናል። ይህ የሥራው ድካም ነው። የሚያስደንቀው ግን ደራሲዎቹ ራሳቸው ጉዳዩን አንሥተው መመርመራቸው ነው። በሁለተኛው ዙር ባለ አንድ ክፍል፣ ትዋይላይት ደብዳቤ የምትልክበት ቀን ደርሶ የምትጽፈው ነገር ስታጣ በጭንቀት ትታወካለች። ችግር ከሌለ ችግር ልፍጠር ብላ በአንድ አሻንጉሊት ላይ አስማት ታደርግና ከተማውን ታምሳለች። በመጨረሻ መምህርቷ ትእዛዙን ትለውጣለች፤ ከእንግዲህ ደብዳቤ የሚጻፈው በእርግጥ የተማሩት ነገር ሲኖር ብቻ እንዲሆን ትወስናለች። ለሪፖርት ሲባል ብቻ የሚሠራ ሥራ የት እንደሚያደርስ ከዚህ በተሻለ ለልጅ ማስረዳት አስቸጋሪ ነው። ጎልማሳም በዚህ ቢማረክ አያስገርምም።

እነዚህ ጎልማሳ ወዳጆች «ብሮኒ» ይባላሉ፤ ወንድምና ድንክ ፈረስ የሚል ትርጉም ካላቸው ሁለት የእንግሊዝኛ ቃላት የተገጣጠመ ስም ነው። «ብሮኒኮን» የተባለው ጉባኤያቸው በ2011 በኒውዮርክ 100 በሚያህሉ ሰዎች ተጀመረ። በ2013 ወደ ባልቲሞር ተዛወረ፤ በ2015ም የተሰብሳቢው ቁጥር ከ10 ሺህ አለፈ። በጉባኤው ላይ ድምፃቸውን ለፊልሙ የሰጡ ተዋንያን ከተመልካቾቻቸው ጋር ይወያያሉ። ወዳጆቹ በበኩላቸው የደረሱትን ዜማ ያሰማሉ፣ የሣሉትን ሥዕል ያቀርባሉ፣ በእጃቸው የሰፉትን ልብስ ለብሰው ይታያሉ። በኛ አስተያየት የጉባኤው ትልቁ ዋጋ ይህ ነው። አሻንጉሊት እንዲገዛ የተጠራው ተመልካች በራሱ ጊዜ ሠዓሊ፣ ደራሲና ሙዚቀኛ ሆኖ ተገኝቷል።

ይሁንና ጎልማሳ በሕፃን ቤት ሲገባ ድምፁ መጉላቱ አይቀርም። በፊልሙ መጀመሪያ ክፍል፣ ከኋላ ከቆሙት መካከል ዓይኖቿ ወደ የተለያየ አቅጣጫ የሚያዩ አንዲት ግራጫ ፈረስ ለቅጽበት ትታያለች። ወዳጆቹ ይህችን ለይተው አወጡና ጅላጅልነትን የሚያመለክት «ደርፒ» የሚል ስም ሰጧት። ሠሪዎቹም ወዳጆቻቸውን ለማስደሰት በ2012 በወጣ አንድ ክፍል ፈረሷ በዚሁ ስም ተጠርታ እንድትናገር አደረጉ። አንዳንድ ተመልካቾች ግን ይህ በአካል ጉዳተኞች ላይ ማላገጥ ነው ሲሉ አቤት አሉ። ስሙም ከንግግሩ ወጣ፣ ድምፁም ተለወጠ። ብዙ ጎልማሳ ወዳጆች በለውጡ ተቆጡ፤ እኛ የወደድናት እንዳለች ነው የሚል መልስም ሰጡ። መልሱ ቅንነት የለውም አንልም፤ ግን አይበቃም። ፊልሙ በተሠራላት ሕፃን ቦታ ሆኖ ማየት ያስፈልግ ነበር። ዓይኗ እንደዚያች ፈረስ የሆነ ልጅ በማግሥቱ በክፍል ጓደኞቿ በዚያ ስም ብትጠራ፣ የጎልማሶቹ ቀልድ ለሷ ቀልድ አይሆንላትም።

ጉዳዩ ትምህርት ቤትም ደርሷል። በ2014 በሰሜን ካሮላይና ግዛት አንድ የ9 ዓመት ወንድ ልጅ ከዚሁ ፊልም የአንዷን ፈረስ መልክ የያዘ ቦርሳ ስላነገተ ይገፈተርና ይሰደብ ጀመር። ትምህርት ቤቱ በመጀመሪያ የሰጠው መፍትሔ ልጁ ቦርሳውን እቤቱ እንዲተው ነበር። ነገሩ በአደባባይ ከታወቀ በኋላ ውሳኔው ተሽሮ ቦርሳውን እንዲይዝ ተፈቀደለት። የመጀመሪያው ውሳኔ ተበዳዩን እንደ በዳይ የቆጠረ ነው። እንዲህ ላለው ልጅ፣ የሚወደውን ነገር ሳያፍር የሚወድ ጎልማሳ በዓለም ላይ መኖሩን ማወቅ ትንሽ ነገር አይደለም። ከላይ የጠቀስነውን ጥፋት ሳንረሳ፣ ይህንን የጉባኤው በጎ ሥራ አድርገን እንመዘግበዋለን።

የተሰብሳቢው ቁጥር በ2018 ከ6 ሺህ በታች ወርዶ ነበር። በመግቢያችን ያነሣነው የ2019 ስብሰባ የመጨረሻው እንደሚሆን ስለተነገረ ግን ሕዝቡ እንደገና ጎረፈ። ፊልሙም በዚያው ዓመት በኦክቶበር በዘጠነኛው ዙር ተፈጸመ። ጉባኤው አብሮ እንዲያበቃ መወሰኑ ተገቢ ነበር እንላለን፤ ስብሰባው ለስብሰባነቱ ብቻ ቢቀጥል ኖሮ የምትጽፈው ሳይኖራት ደብዳቤ ለመላክ የተጨነቀችውን ተማሪ ይመስል ነበር።

መምህራን ከዚህ የምንወስደው በሥራ ላይ የሚውል ነገር ነው። ተማሪዎቻችን የሚወዱትን ፊልም ወይም መጽሐፍ ስም ሲጠሩ በንቀት ከማለፍ፣ ለምን እንደወደዱት፣ ጉድለቱ የት ላይ እንደሆነ፣ ማንን ሊጎዳ እንደሚችልም እንዲጽፉ እንጠይቃቸው። ተማሪዎችም ጓደኛቸው በሚወደው ነገር ከመሳቃቸው በፊት ይህንኑ ጥያቄ ያቅርቡለት።