ቁጣ ያነሰው የከዋክብት ታሪክ

«ዘ ግላስ ዩኒቨርስ» ደግ መጽሐፍ ነው፤ ቅሬታዬም ከዚሁ ደግነቱ ይነሳል። አሜሪካዊቷ ደራሲ ዳቫ ሶቤል እ.ኤ.አ. በ2016 ባሳተመችው በዚህ ሥራ የሃርቫርድ ኮሌጅን የሥነ ፈለክ ጣቢያ ታሪክ የምትተርከው፣ በመስታወት ላይ የተነሱ የሰማይ ፎቶዎችን ሲመረምሩ ዕድሜያቸውን በገፉት ሴቶች በኩል ነው።

ጣቢያው የተመሠረተው በ1839 ቢሆንም ሶቤል ዋና ታሪኳን የምትጀምረው ከ1882 ነው። የኒውዮርኩ ሐኪምና የከዋክብት ፎቶ አንሺ ሄንሪ ድሬፐር ቤቱ ውስጥ ለሳይንቲስቶች የእራት ግብዣ አድርጎ በቀናት ልዩነት ይሞታል። ባለጸጋዋ ባለቤቱ አና ፓልመር ድሬፐር የባሏ ሥራ ተጀምሮ እንዳይቀር ትጨነቃለች፤ ኋላም ገንዘቧን ለሃርቫርዱ ጣቢያ ኃላፊ ለኤድዋርድ ፒከሪንግ ትሰጣለች። አጀማመሩ ብልህ ነው። ስለ ግኝት ስናነብ ወጪውን የቻለው ማን እንደሆነ መጠየቅ አይቀናንም። እዚህ ግን የአንዲት ባልቴት ገንዘብ መሣሪያ ሲገዛ፣ መሣሪያው ፎቶ ሲከምር፣ ክምሩም ሰው ሲጠይቅ ደረጃ በደረጃ እናያለን። ካተሪን ብሩስ የተባለች ሌላ ሀብታም 50,000 ዶላር ሰጥታ የተሠራው ባለ 24 ኢንች ቴሌስኮፕም ፔሩ ድረስ ተጉዞ አሬኪፓ ላይ ተተክሏል፤ የደቡቡ ሰማይ ከሃርቫርድ አይታይምና።

ሶቤል የምትደነቀው ሥራውን ስትገልጽ ነው። ከቴሌስኮፑ ሌንስ ፊት ፕሪዝም ሲደረግ የእያንዳንዱ ኮከብ ብርሃን ተዘርግቶ፣ መስመር መስመር ያለበት ቅንጣት ሆኖ መስታወቱ ላይ ይቀራል። ጆሮዋ እምብዛም የማይሰማው አኒ ጃምፕ ካነን በአጉሊ መነጽር አይታ የኮከቡን ምድብ በፊደል ትጠራለች፤ ረዳቷ ትጽፋለች። እንዲህ እንዲህ እያለች በሕይወት ዘመኗ 350,000 ያህል ከዋክብትን መድባለች። ከ1918 እስከ 1924 የታተመው የሄንሪ ድሬፐር ካታሎግ ብቻ 225,300 ይዟል። የምደባ ፊደላቱን ቅደም ተከተል የዛሬ ተማሪም ያጠናዋል።

ከሁሉ የማረከኝ ግን የሄንሪየታ ሌቪት ታሪክ ነው። ሌቪት ብርሃናቸው ከፍ ዝቅ የሚል ከዋክብትን ስትከታተል ኖራለች። በ1912 ትንሹ የማጀላን ደመና በሚባለው የከዋክብት ስብስብ ውስጥ ያሉ 25 ከዋክብትን አነጻጽራ አንድ ሥርዓት አሳየች፦ ከፍ ዝቅ የማለት ዙሩን ለመጨረስ ብዙ ቀን የሚፈጅበት ኮከብ የበለጠ ደማቅ ነው። የኮከቡ ትክክለኛ ድምቀት ከታወቀ፣ ለእኛ ምን ያህል ደብዝዞ እንደሚታይ ለክቶ ርቀቱን ማስላት ይቻላል። የሥነ ፈለክ ተመራማሪው ኤድዊን ሀብል አንድሮሜዳ የተባለችው የከዋክብት ስብስብ ከእኛ ጋላክሲ ውጭ መሆኗን ያረጋገጠው በዚሁ መንገድ ነው። ሌቪት ግን በ1921 ስለሞተች ይህን ለማየት አልታደለችም። ሶቤል ይህን ሁሉ ያለ ቀመር፣ ያለ ጩኸት ታስረዳለች።

ጩኸት የሚያስፈልገው ቦታ ላይም ግን አትጮኽም። ሴቶቹ በሰዓት ከ25 እስከ 30 ሳንቲም ነበር የሚከፈላቸው። ከስኮትላንድ መጥታ በፒከሪንግ ቤት ገረድ የነበረችው ዊልያሚና ፍሌሚንግ ወደ ጣቢያው ተሻግራ የሌሎቹ አለቃ ሆናለች፤ የፈረስ ራስ የሚባለውን ኔቡላም በ1888 ፎቶ ላይ ያገኘችው እሷ ናት። በ1900 በጻፈችው ማስታወሻ የእሷ ደመወዝ በዓመት 1,500 ዶላር ሆኖ ሳለ አንዳንድ ወንዶች 2,500 እንደሚያገኙ በምሬት ትናገራለች። ሶቤል ማስታወሻውን ጠቅሳ ወደ ፒከሪንግ መልካምነት ትመለሳለች። መልካም ሰው መሆኑን አልክድም። ነገር ግን ያ ሁሉ ካታሎግ ሊጠናቀቅ የቻለው ጉልበቱ ርካሽ ስለነበር ነው። ይህን የሂሳብ ድምር ደራሲዋ ለአንባቢ ትታዋለች፤ እኔ ግን እሷው ብትደምረው እወድ ነበር። ፔሩም በአብዛኛው የምትታየን በሃርቫርድ ሰዎች ደብዳቤ ውስጥ ነው። የአሬኪፓ ሰው ስለ ባዕዳኑ ምን እንዳለ አንሰማም።

ወደ መጨረሻው ሲቃረብ ስሞቹ ይበዛሉ፤ አንዱን ከአንዱ ለመለየት ጀርባ ላይ ያለውን የሰዎች ዝርዝርና የዘመን ሰንጠረዥ ማገላበጥ ግድ ይላል። ሲሲሊያ ፔንም የምትመጣው በዚሁ ግርግር መሀል ነው። ከእንግሊዝ የመጣችው ይህች ወጣት በ1925 የዶክትሬት ጽሑፏ ከዋክብት በአብዛኛው ሃይድሮጅንና ሂሊየም መሆናቸውን አሰላች። በዘመኑ ጉምቱ የሥነ ፈለክ ሊቅ የነበረው ሄንሪ ኖሪስ ራስል ሊሆን አይችልም ስላላት ውጤቷን ራሷ እንደሚያጠራጥር አድርጋ ጻፈችው። ራስል ከአራት ዓመት በኋላ በራሱ መንገድ እዚያው ድምዳሜ ላይ ደረሰ። የዩኒቨርሲቲው ፕሬዚዳንት አቦት ሎረንስ ሎውል ለሴት የማስተማር ሹመት አልሰጥም ባይ ነበር፤ ካነን እንኳ ከዩኒቨርሲቲው መደበኛ ሹመት ያገኘችው እሱ ከሄደ በኋላ፣ በ1938 ነው። ፔን ሙሉ ፕሮፌሰር የሆነችው በ1956 ነው። ከጽሑፏ እስከ ሹመቷ የነበሩትን 31 ዓመታት ሶቤል በችኮላ ትሻገራቸዋለች።