«የአንጄላ አመድ»፦ የጠጪ ልጅ ሚዛን

ፍራንክ ማኮርት እ.ኤ.አ. በ1996 ያሳተመውና በ1997 የፑሊትዘር ሽልማት ያገኘው የልጅነት ትዝታ፣ «የአንጄላ አመድ»፣ የድህነት ታሪክ ነው ይባላል። ከሁሉ በፊት ግን የመጠጥ ታሪክ ነው። ከኒውዮርክ ወደ አየርላንድ የተመለሰው አባት ሊመሪክ ከተማ ሥራ ባገኘ ቁጥር ደመወዙን መጠጥ ቤት ጨርሶ ይገባል። በውድቅት ሌሊት ልጆቹን ቀስቅሶ ለአየርላንድ እንዲሞቱ ቃል ያስገባቸዋል። ቤቱ ውስጥ ግን ዳቦ የለም።

የመጽሐፉ ብርታት አባትየውን ጭራቅ አለማድረጉ ነው። ያው ሰው ጠዋት ጋዜጣ ያነባል፤ ማታ ለልጁ ተረት ያወራል። ልጁ ስለሚወደው መጥላት፣ ስለሚራብ ይቅር ማለት ያቅተዋል። የጠጪ ልጅ ሸክም ይኸው ነው።

እኛን ስደተኞችን ይበልጥ የሚነካን ሌላው ክፍል ነው። በ2ኛው የዓለም ጦርነት አባትየው ለሥራ ወደ እንግሊዝ ይሄዳል። የሰፈሩ እናቶች ቅዳሜ ቅዳሜ የባሎቻቸውን ገንዘብ የሚያመጣውን የቴሌግራም ልጅ ይጠብቃሉ፤ እርሱ ግን የአንጄላን ደጅ አልፎ ይሄዳል። ገንዘብ መላክንና መጠበቅን የሚያውቅ አንባቢ ይህን ገጽ ቶሎ አይገልጠውም።

ጉድለት አለው። መጽሐፉ በእናቲቱ ስም ቢጠራም፣ የምናያት በልጅ ዓይን ብቻ ስለሆነ የልቧን አናገኝም። ቀልዱም አንዳንዴ ቁስሉን ይሸፍነዋል።

በየግብዣችን ሞቅ ሲለው ስለ አገር የሚያዜመውን «ጨዋታ አዋቂ» እንለዋለን። ይህን መጽሐፍ ያነበበ ሰው ግን ከማጨብጨቡ በፊት፣ «ልጆቹ ዛሬ ምን በልተው ተኙ?» ብሎ መጠየቁ አይቀርም።