ነደፈ ብለህ ፈልግ

መንዝ ውስጥ፣ መሐል ሜዳ ላይ ብርዱ ቀልድ አያውቅም። የመንዝ ሰው ለዚህ ብርድ ያበጀው መልስ ባና ነው፤ የበጉ ጠጉር ተሸልቶ፣ በደጋን ተነድፎ፣ በእንዝርት ተፈትሎ፣ ሸማኔ የሚሠራው ከባድ ልብስ። ባና ሲያሳዩኝ ገልብጬ መጋጠሚያውን በጣቴ እዳስሳለሁ። እጁ የተባ ሰው ከሠራው፣ ሁለቱ ቁራጭ የት ላይ እንደተገናኘ ጣት አያገኘውም።

የአለቃ ደስታ ተክለ ወልድን መዝገበ ቃላትም የማየው እንደዚሁ ነው። ደስታ የሸዋው የወግዳ ሰው ናቸው። ሥራው በ1962 ዓ.ም. ሲታተም ሽፋኑ ላይ የሰፈረው «ዐዲስ ያማርኛ መዝገበ ቃላት» የሚል ነው። እዚያው ሽፋኑ ላይ ትንሽ እንቁም። «የአማርኛ» አላሉም፤ አፋችን እንደሚለው «ያማርኛ» ብለው ጻፉ። «ዐዲስ»ን ደግሞ በዓይኑ ዐ ጀመሩት። በ1948 ዓ.ም. የታተመው የመምህራቸው የአለቃ ኪዳነ ወልድ ክፍሌ መጽሐፍ ስሙ የሚያልቀው «ሐዲስ» በሚል የግእዝ ቃል ነው። ያ ሐ አማርኛ ውስጥ ሲገባ ድምፁ ላልቷል፤ ደስታ ግን የጉሮሮ ፊደል እንደነበረ እንዲታወቅ በአ ፈንታ ዐን አስቀመጡለት። አንዱ ቃል እንደ ጆሮ፣ ሌላው እንደ ዘሩ ተጻፈ። ይህ ሁሉ መጽሐፉ ገና ሳይገለጥ ነው።

ሲገለጥ ደግሞ ለጀማሪ ይከብዳል። ፊደሉ የሚሄደው በለመድነው በሀለሐመ ሳይሆን በአበገደ ነው። ቃሉም በራሱ መነሻ ፊደል አይፈለግም፤ ከግሱ ሥር ነው ያለው። የሱፍ ነዳፊውን ደጋን፣ መንደፊያውን፣ ልትፈልግ መ ላይ ብትወርድ ትደክማለህ። ነ ላይ ሄደህ ነደፈን መያዝ አለብህ፤ ነዳፊው፣ ንድፉ፣ መነደፉ ሁሉ የዚያ ቤተሰብ ነው። ጥጥ የሚነድፈው፣ ቤት የሚነድፈው መሐንዲስ፣ የምትነድፈው ንብ ሁሉ አንድ ግስ ይጠራቸዋል። (ንቧ ከነዳፊው ጋር ምን አገናኛት ብሎ ማሰብ ደስ ይላል፤ እኔ እስካሁን አልጨረስኩም።) ብዙ ሰው በዚህ አደራደር ያማርራል፤ እኔ ግን አልቀይረውም። በፊደል ተራ የተደረደረ ቃል ጎረቤቱን አያውቅም፤ እዚህ ግን ዘመድ ከዘመዱ ጋር ነው የተቀመጠው።

ሙያው ያንድ ሰው አልነበረም። መምህር ክፍለ ጊዮርጊስ፣ ጣልያናዊው ሊቅ ኢኛሲዮ ጉይዲ የአማርኛና የጣልያንኛ መዝገበ ቃላታቸውን ሲያዘጋጁ ሮም ላይ የረዷቸው፣ የጀመሩትን የግእዝ መዝገበ ቃላት ሥራ ለደቀ መዝሙራቸው ለኪዳነ ወልድ ተዉ። ኪዳነ ወልድ ሥራው ሳይታተም በ1936 ዓ.ም. ዐረፉ። የመምህራቸውን መጽሐፍ ከ12 ዓመት በኋላ ለማተሚያ ቤት ያበቁት ደስታ ናቸው፤ የራሳቸው ደግሞ ሌላ 14 ዓመት ጠበቀ። የሌላውን ድር ሳይጨርሱ የራሳቸውን አላስቀደሙም።

«በካህናትና በሀገረ ሰብ ቋንቋ» የሚለው የደስታ መጽሐፍ ማብራሪያም ያለ ነገር አልተጻፈም። የቅኔ ቤቱ ቃልና የእርሻው፣ የሽመናው፣ የማጀቱ ቃል አንድ ገበታ ላይ ቀርበዋል። ቅሬታዬን ልናገር፦ አንዳንዴ ግእዝ ባልወለደው ቃል ላይ ሁሉ የግእዝ አባት የሚፈለግለት ይመስለኛል። ይህ ግን የፍቅር ስሕተት ነው፤ መጋጠሚያውን አይፈታውም።

ዛሬ ሁለቱም መጻሕፍት በፎቶ ተነሥተው ስልክ ላይ ይዞራሉ። ፎቶ ነውና «ፈልግ» ብትለው አይሰማህም። መሐል ሜዳ ላይ ባና ተከናንቦ ስልኩን የሚነካካ ልጅም መንደፊያን ለማግኘት መጀመሪያ ነደፈን ማወቅ አለበት፤ ከዚያ ገጽ በገጽ እየገፋ ነ ድረስ መሄድ ነው።